የብሪክስተኗ አሰለፈች

በየካቲት ወር፣ ሐሙስ ቀን፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ተኩል ላይ፣ ገረመው የተባለ ኢትዮጵያዊ ዘፋኝ ለንደን፣ ብሪክስተን ሰፈር፣ ከገበያው ጀርባ ባለ የካውንስል ፍላት፣ ማለት የማዘጋጃ ቤት ኪራይ ቤት ውስጥ፣ ሞቶ ተገኘ። ያገኘው ዴሪክ የሚባል እንግሊዛዊ ፒያኖ ተጫዋች ነው። የረጅም ዘመን ጓደኛው ስለነበር የቤቱ ቁልፍ ነበረው። ሐኪሙ የጻፈው ምክንያት የልብ ድካም ነው። ዕድሜው ሰባን አልፎ ነበር። ከመኝታ ቤቱ በር ጀርባ አንድ ነጭ የሐበሻ ቀሚስ በላስቲክ ተሸፍኖ ተሰቅሏል፤ ከሥሩ ባለ ረጅም ተረከዝ ጫማ ተቀምጧል። ይህን ዴሪክ ነገረኝ፤ በማግስቱ ሄጄ በዓይኔ አይቻለሁ።

ገረመው በሴት ልብስ ተውቦ መድረክ ላይ የሚዘፍን ሰው ነበር። እንግሊዞች ድራግ ይሉታል። እኛ ለንደን የምንኖር ኢትዮጵያውያን ስድብ ካልሆነ በቀር ስም አላወጣንለትም። የመድረክ ስሙ አሰለፈች ነው። እንዴት ልጥራህ ብዬ ስጠይቀው መልሱ አጭር ነበር። «ዊጉ ራሴ ላይ ካለ እሷ በል፤ ከወለቀ እሱ በል። አታምታታ፤ ጋዜጠኛ አይደለህ እንዴ?» እኔም እዚህ የምጽፈው በዚሁ ደንብ ነው። በሕይወት እያለ ታሪኩን ልጽፍ ጠይቄው ነበር። «ስሞት ጻፈው፤ ያኔ ማስተባበያ አልልክብህም» ብሎ ሳቀብኝ።

የተዋወቅንበትን ብሪክስተን ዛሬ የሚሄድ ሰው አያገኘውም። ያኔ ከምድር ባቡሩ ስትወጣ መጀመሪያ የሚቀበልህ የዓሣ ሽታ ነበር፤ ቀጥሎ የጨርቅ ሱቆቹ። የባስ ትኬት ቆራጩ ሆዱ ላይ ያንጠለጠላትን መሣሪያ እየዘወረ ወረቀቷን ይሰጥሃል። አንድ ብርጭቆ ቢራ ከአንድ ፓውንድ በታች ነበር። እኛ ተማሪም ስደተኛም የሆንን ልጆች ከሁለተኛ እጅ ሱቅ የገዛነውን፣ ትከሻው ከእኛ የሚሰፋ ካፖርት ለብሰን፣ የአገር ቤት ወሬ እየተለዋወጥን ገበያው ውስጥ እንዞር ነበር። ወሬው ሁሉ ክፉ ነበር። ገረመው ያኔ ሆቴል ውስጥ አንሶላ የሚያጥብ፣ ቀጭን፣ ፀጉሩን በዘይት የሚያስተኛ ልጅ ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ ጨርቅ ሱቆቹ ጋ ቆሞ የመጋረጃ ጠርዝ ሲመርጥ አየው ነበር። ቤቱን እያሳመረ ይመስለኝ ነበር። ለካስ ጥለት እየፈለገ ኖሯል። የሐበሻ ቀሚስ ከአገር ቤት የሚያመጣ ሰው በሌለበት ጊዜ፣ አንዲት ጃማይካዊት ልብስ ሰፊ የአልጋ ልብስ ቆርጣ፣ የመጋረጃውን ጠርዝ ከታችና ከደረቱ ላይ ተክላ ቀሚስ ሰፋችለት። ያ ቀሚስ ነው የመጀመሪያው።

አሰለፈች የምትዘፍንበት መጠጥ ቤት ከባቡር ድልድዩ ሥር ነበር። ባቡር ባለፈ ቁጥር ብርጭቆዎቹ መደርደሪያው ላይ ይንቀጠቀጣሉ። ዛሬ ቦታው ላይ በድስት የተተከለ ቅጠል የሞላበት ቡና ቤት አለ፤ ወጣቶች ኮምፒውተር ከፍተው ይቀመጡበታል፤ ባቡሩ አሁንም ያልፋል። እሁድ ከምሳ በኋላ ዴሪክ ፒያኖው ላይ ይቀመጥና አስተዋዋቂው «ሚስ አሲ!» ብሎ ይጣራል። አሰለፈች ማለት አቅቶት ነው። እሷም መድረኩ ላይ ትወጣና መጀመሪያ የምታደርገው እሱን ማረም ነው። «አ-ሰ-ለ-ፈች። እናትህ ያወጣችልህን ስም እኔ አሳጥሬዋለሁ?» ሰው ይስቃል። ፀጉሯ ሹሩባ የተሠራ ዊግ ነው፤ ዓይኗን ተኩላለች፤ ጫማዋ ቁመቷን ከአስተዋዋቂው ያስበልጠዋል። ነጠላዋን ግን ለበዓል እንደሚለበሰው አልለበሰችም። አዘቅዝቃዋለች፤ ለቅሶ ቤት እንደሚደረገው።

አሰለፈች የእናቱ ስም ነው። እናቱ ጉለሌ ውስጥ ሙሾ አውራጅ ነበሩ። ሰው ሲሞት ይጠራሉ፤ ድንኳኑ መሐል ቆመው፣ የሟቹን ሥራና ጠባይ በግጥም እያነሱ፣ ያላለቀሰውን ሁሉ ያስለቅሳሉ። ገረመው ያደገው ከቀሚሳቸው ሥር ሆኖ ያንን እየሰማ ነው። ዜማውን ያወቀው በሴት ድምፅ ነበርና ሲያዜመውም በሴት ድምፅ ነው። ብሪክስተን ላይ ያደረገው ይህንኑ ነው። ከፊት ጠረጴዛ የተቀመጠ አንድ ሰው ትመርጣለች፤ ስሙንና ሥራውን፣ ጫማውን ከየት እንደገዛ ትጠይቀዋለች፤ ከዚያ ደረቷን እየደቃች በአማርኛ የቁም ሙሾ ታወርድለታለች። መላጣ ከሆነ ለፀጉሩ ታለቅስለታለች። ሚስቱ ትታው ከሄደች ለተወችው ድስት ታለቅስለታለች። እንግሊዞቹ ቃሉ አይገባቸውም። መጀመሪያ ይስቃሉ፤ ሦስተኛው ስንኝ ላይ ቤቱ ጸጥ ይላል። ደጋግሜ ሄጄ አይቻለሁ፤ ሁልጊዜ እዚያው አካባቢ ነው ጸጥ የሚለው። ጭብጨባው ከጸጥታው በኋላ ነበር።

ከዚያ ያ በሽታ መጣ። ስሙን በሹክሹክታ የምንጠራበት ዘመን ነበር። የመጠጥ ቤቱ ልጆች አንድ በአንድ ይቀጥኑና ይጠፋሉ። አሰለፈች ፊት ለፊት ተቀምጠው በቁማቸው ሙሾ የወረደላቸው ልጆች ናቸው። የአንዳንዶቹ ወላጆች ቀብር ላይ አይመጡም፤ የመጡትም ከጓደኞቻቸው ርቀው ይቆማሉ። ኬቪን የሚባል የመጠጥ ቤቱ አስተናጋጅ ሆስፒታል ተኝቶ ሳለ ሙሾውን ራሱ እንዲሰማ ለመነ። ገረመው ዊጉን በፌስታል ይዞ ሄደ፤ ነርሷ መጋረጃውን ሳበችላቸው። ግጥሙን በኋላ አስደግሜው ጽፌዋለሁ።

ሻይ ጥዶ የወጣ ይመለስ ነበረ፣
ውሃው ፈልቶ አለቀ ኬቪን የት አደረ።

ኬቪን ትርጉሙን ጠየቀ። ሲነገረው «ሻይ እንደምወድ ማን ነገረሽ?» አለ። በሳምንቱ ሞተ።

ይህን ሁሉ የእኛ ሰው አያውቅም ነበር። የእኛ ሰው ገረመውን ያወቀው አርችዌይ ሰፈር፣ አልማዝ ቤት ነው። አልማዝ ያኔ የአንዲት ሕፃን ልጅ እናት ሆና የሆስፒታል ፅዳት የምትሠራ ወጣት ነበረች። እናቷ አዲስ አበባ ሞቱ። መርዶ የሚነገረው ማለዳ ነውና፣ የመረዳጃ እድራችን ሰዎች በመጀመሪያው ባስ ተሳፍረን፣ የተኛው ሰፈር እንዳይነቃ ደረጃውን በእግር ጣታችን ወጥተን በሯን አንኳኳን። ስታየን ገባት። አንድ ጊዜ ጮኸች። የጎረቤቱ ግድግዳ ተደበደበ። ከዚያ በኋላ ምን እንደሚደረግ የሚያውቅ አልነበረም። አገር ቤት ይህን የሚያውቁ ሴቶች ነበሩ፤ እኛ ልጆች ነን፤ የመጣነው መጽሐፍና ጃኬት ይዘን ነው። ካፖርታችንን ሳናወልቅ ምንጣፉን እያየን ተቀመጥን። አልማዝ ደርቃ ቀረች፤ እንባ እምቢ አላት። ያኔ በሩ ጋ የቆመው ገረመው ካፖርቱን አወለቀ፤ የአልማዝን ነጠላ ከወንበር ላይ አንስቶ አዘቀዘቀና ጀመረ።

አፈር ሲያለብሷት እናትሽን እዚያ፣
አንቺ ባስ ስትጠብቂ አርችዌይ ጣቢያ።

ቤቱ በለቅሶ ተናደ። አልማዝ አለቀሰች፤ እኛም በየራሳችን ሟች አለቀስን። ግድግዳውን የሚደበድበው ጎረቤት እንኳ መደብደቡን ተወ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ለንደን ውስጥ መርዶ በመጣ ቁጥር «ገረመውን ጥሩት» ሆነ። ቶተንሃም፣ ዋይት ሲቲ፣ የትም ይሄዳል። የሟቹን ስምና ጠባይ በስልክ ይጠይቃል፤ ባስ ውስጥ ግጥሙን ያበጃል። የእድሩ ሊቀመንበር ጋሽ ግዛው እናታቸው ሲሞቱ ሦስት ቀን ሙሉ አስለቅሷቸዋል። የወንድ ልጅ ጉሮሮ እንዴት እንዲህ ይቀጥናል ብሎ የጠየቀ አልነበረም። ለቅሶ ነዋ።

ከዚያ ፎቶው ወጣ። በምድር ባቡር በነጻ ከሚታደሉት ጋዜጦች አንዱ ስለ ብሪክስተን የእሁድ ጨዋታ ጽፎ የአሰለፈችን ፎቶ ገጹ መሐል አደረገው። ሰኞ ማታ ጋዜጣው ከእጅ ወደ እጅ ዞሮ ዋይት ሲቲ፣ ጋሽ ግዛው ቤት ደረሰ። ኮሚቴው ገረመውን ጠራው። እኔ ቃለ ጉባኤ ያዥ ነበርኩ፤ የሚከተለውን የጻፍኩት እዚያው ሲነገር ነው።

«ገረመው፣ ይኼ ፎቶ ያንተ ነው?» አሉ ጋሽ ግዛው።

«የአሰለፈች ነው ጋሼ። ግን አውቃታለሁ።»

አንዱ ሳቁ አመለጠውና ሳል አስመሰለው።

«ቀልድ አይደለም! ነጠላ አዘቅዝቀህ በሰካራም ፊት! ለቅሶ ላይ አንጀታችንን የምትበላ አንተ!»

«ጋሼ፣ ለእናትዎ ያለቀስኩበት ድምፅ እኮ ይኸው ነው። ሌላ የለኝም። እዚያ በየሳምንቱ ካላሟሸሁት፣ እናንተ ስትጠሩኝ አይወጣም።»

«ወይ እዚያ፣ ወይ እዚህ። ምረጥ።»

«እኔ ሁለቱም ጋ አለሁ። እናንተ ምረጡ።»

ከአባልነት ሰረዙት። ድምፅ ሲሰጥ እኔ ተቃወምኩ፤ ሌላ የተቃወመ አልነበረም። ወሩ ሳያልቅ የአንድ አባል ወንድም ሞተ። ስልክ የደወሉት ጋሽ ግዛው ራሳቸው ናቸው። «ገረመው፣ ሰው ሞቶብናል፤ አድራሻውን ጻፍ» አሉት። ጻፈ፤ ሄደም። እንደዚህ ሆኖ ዓመታት አለፉ። ለሠርግ አይጠራም፤ ለክርስትና አይጠራም፤ ለመርዶ ግን ከቄሱ ቀድሞ ይደወልለታል። አልቅሶ ሲጨርስ እዝኑ ሳይቀርብ ኮቱን ይሰጡታል።

ለምን ትሄዳለህ ብዬ ጠየቅሁት። ገበያው ውስጥ ቆመን የተጠበሰ በቆሎ እየበላን ነበር።

«እናቴ ለቅሶ ስትጠራ ማን ከማን እንደተጣላ ጠይቃ አታውቅም። ሞያ ነው። አንተ የምትጠላው ሰው ቤት ቢቃጠል ዜናውን አትጽፍም?»

«እጽፋለሁ።»

«እንግዲያው!» በቆሎውን ጨርሶ እጁን በመሐረብ ጠረገ። «አንድ ነገር ብቻ አስብና እንቅልፍ ይነሳኛል። እኔ ስሞት ማን ነው የሚያወርድልኝ? ቄሱም ይቅር፣ ሐውልቱም ይቅር። ዝም ተብዬ መቀበር አልፈልግም። በሁለቱም ስሜ፣ በገረመውም በአሰለፈችም፣ አንድ ሰው ያልቅስልኝ።»

ከሰው የጠየቀው ይህን ብቻ ነው። ሌላ ሲጠይቅ ሰምቼ አላውቅም።

እናቱ ጉለሌ የሞቱት ከዚያ በኋላ ነው። መርዶ የሚነግረው አልነበረም፤ የእድሩ አባል አይደለማ። ዜናው በስልክ መጣለት። እኔና አልማዝ ሄድን። ብሪክስተን ያለችው ክፍሉ ውስጥ፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ፣ የመጋረጃ ጥለት ያለውን ቀሚስ ለብሶ፣ ዊጉን አጥልቆ ጠበቀን። ስለዚህ እሷ ልበል። ቴፔን ይዤ ነበርና «ቅዳኝ» አለችኝ። ቀዳሁ፤ በየመሐሉ ከእግራችን ሥር ባቡር ያልፋል። ከካሴቱ ጎኖች አንዱ እስኪሞላ አለቀሰች። ለሌላው ሰው ስታለቅስ እንደምታደርገው ድምፅዋን አላስጌጠችም።

ለሰው ሁሉ እናት ስታለቅሺ ኖረሽ፣
አሰለፈች ላንቺ ማን አለቀሰልሽ።

ስትጨርስ ዊጉን አወለቀ። ካሴቱን ተቀብሎ ለአልማዝ ሰጣት።

«አልሚ፣ ይኼን እየሰማሽ ተማሪ። ድምፅ አለሽ፤ ሰምቼሻለሁ።»

«እኔ? ወግድ! እኔ እንደ ቁራ ነው የምጮኸው።»

«ለእኔ ቁራም ይበቃል። ብቻ ዝም አትበይ። ማይልኝ።»

«ለእናቴ ያለቀስክልኝ ሰው አይደለህ? እናቴ ትሙት» አለች። እናቷ ሞተዋል፤ እንዲያም ሆኖ የማለችው በሳቸው ነው። በየሳምንቱ እየመጣች ተማረች። ዜማውን ያዘች። ብዙ ጊዜ ሰምቻታለሁ፤ ቁራ አይደለችም።

ዓመታት ሄዱ። መጠጥ ቤቱ ተዘጋ፤ አሰለፈች በመጨረሻዋ እሁድ ለመጠጥ ቤቱ ራሱ ሙሾ አወረደች። ከዚያ በኋላ ወጣት ድራጎች በመጡበት በሌላ ሰፈር አልፎ አልፎ ትጋበዝ ነበር። በስልክ ይቀርጿታል፤ ከእሷ ጋር ፎቶ ይነሳሉ፤ ሙሾዋ ግማሽ ሲደርስ ወደ ባንኮኒው ይዞራሉ። የሐበሻው ወገን ደግሞ ልጅ ወለደ፣ ቤት ገዛ። የአልማዝ ልጅ የጋሽ ግዛውን ልጅ አገባች። ሠርጉ ላይ ገረመው አልነበረም።

ሲሞት ቀብሩን ያዘጋጁት ዴሪክና የድሮ ጓደኞቹ ናቸው። ዴሪክ ፍትሐት እንዲደረግለት ፈልጎ እኛ ጋ መጣ። ጋሽ ግዛው ቄስ እናመጣለን አሉ፤ ቅድመ ሁኔታ ግን ነበራቸው። ፎቶው በሱፍ ልብስ የተነሳው ይሁን፤ አሰለፈች የሚል ስም በጽሑፍም በቃልም አይነሳ፤ እንግዶቹ እንደ ሰው ለብሰው ይምጡ። ለዴሪክ ተረጎምኩለት። «እንደ ሰው» የሚለውን ሁለት ጊዜ አስደገመኝ። ከዚያ እሺ አለ።

ቀብሩ ዓርብ ዕለት ከሰዓት በኋላ ነበር። ዴሪክና ጓደኞቹ ጥቁር ሱፍ ለብሰው መጡ፤ ሁሉም በዕድሜ የገፉ ሰዎች ናቸው፤ አንዱ ጥፍሩ ላይ ያለውን ቀይ ቀለም ማስለቀቅ ረስቶ እጁን ከኪሱ ሳያወጣ ዋለ። የእኛም ሰው መጥቷል፤ ከጠበቅሁት በላይ ነበር። ብዙዎቹን አውቃቸዋለሁ፤ ገረመው ለማን እናትና ለማን ወንድም እንዳለቀሰ አውቃለሁ። ቄሱ ጸሎቱን ጨረሱ። ሳጥኑ ወረደ። አልማዝ ከፊት ቆማለች፤ ነጠላዋን አዘቅዝቃለች። አንድ እርምጃ ወደ ጉድጓዱ ሄደች። አፏን ከፈተች። ከማዶ ጋሽ ግዛው ቀና ብለው አዩዋት፤ ልጃቸውና የአልማዝ ልጅ ከጎናቸው ናቸው። አፏን ዘጋች። ወደኋላ ተመለሰች።

አፈር የምትገፋዋ ትንሽ መኪና ሞተር ተነሳ። ዴሪክ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ።

«ሙሾው መቼ ነው?» አለኝ።

«አብቅቷል» አልኩት።

ወደ አርችዌይ በሚሄደው ባስ አልማዝ አጠገቤ ተቀመጠች። ነጠላዋን ሰብስባ ቦርሳዋ ውስጥ ከታ ነበር።

«ጉሮሮዬ ተዘጋ» አለች።

የቦርሳዋን ዚፕ ዘጋች።

«ምን ላድርግ? ልጄ እዚያ ቤት ናት። የልጅ ልጆቼ እዚያ ናቸው። እሱ ልጅ የለው፣ ምን የለው፤ አይገባውም እንጂ...» አቋረጠችው። «ይገባው ነበር» አለች። የራሷ ፌርማታ ሳይደርስ ወረደች።

ከሁለት ወር በኋላ የጋሽ ግዛው እህት አዲስ አበባ ሞቱ። ለቅሶ ለመድረስ ዋይት ሲቲ ሄድኩ። ሊፍቱ ተበላሽቶ ነበርና ደረጃውን ወጣሁ። ሦስተኛው ፎቅ ላይ ድምፅ ሰማሁ። ሙሾ ነው፤ ቀጭን፣ ያልተጌጠ። ቆም ብዬ አዳመጥኩ፤ ሲቀዳ ከእግሬ ሥር ያልፍ የነበረው ባቡር ከበስተጀርባው ይሰማል። በሩን የከፈተችልኝ የጋሽ ግዛውም የአልማዝም የልጅ ልጅ የሆነች ወጣት ናት።

«ይግቡ ጋሼ። እርስዎም ፋሚሊ ነዎት?»

«አይደለሁም። ይህ የማን ድምፅ ነው?»

«እኔንጃ፤ የሆነች የድሮ ሴትዮ ናት። ግራንድማ ናት ካሴቱን ያመጣችው። በጣም ቢዩቲፉል ነው አይደል? ሁሉም ሰው እያለቀሰ ነው።»

ገባሁ። ሳሎኑ ሞልቷል። የኮሚቴው ሰዎች በግድግዳው ዙሪያ ተቀምጠዋል። ጋሽ ግዛው ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ አድርገው ትከሻቸው ይንቀጠቀጣል። ቴፑ ጠረጴዛው ላይ ነው፤ አልማዝ አጠገቡ ተቀምጣለች። አላየችኝም፤ ወይም እንዳላየች ሆነች። ከቴፑ የሚወጣው ድምፅ «አሰለፈች ላንቺ ማን አለቀሰልሽ» አለ፤ ሴቶቹ ተቀበሉት። ድምፁ ሲቆም አልማዝ ካሴቱን ወደ ኋላ አጠንጥና ከመጀመሪያው ከፈተችው።